ወንበሩ ባዶ ይመስላል

ከፖስታ ቤቱ በላይ፣ በቸርችል ዳገት፣
ሊፍቱ ከሞተበት ሕንጻ አናት፣ ከውሃ ታንከሩ ሥር ባለች ጠባብ ቤት፣
የጋሽ ባዩልኝ ሬዲዮ አለ።
እሱ የለም። ጉልበቱ ከድምፁ ቀድሞ ዛለ።
መቶ አሥራ አራት ደረጃ ነው፤ ቆጥሬዋለሁ፣
አንዴ ባትሪ ተሸክሜ፣ አንዴ እሱን ደግፌ ወጥቼዋለሁ።

አሁን ከልጁ ጋር ነው፣ ጎሮ፣ ኮንዶሚኒየም፣
ሰገነት ላይ ሽቦ መወጠር ኮሚቴው ከልክሏል፤ እሱም አልተከራከረም፤
ደወለልኝ እንጂ፦ «ትርሲት፣ እጄን አርዝሚልኝ፤
እዚህ ቁጭ ብዬ እዚያ ያለውን ቁልፍ የማዞርበት መላ ፈልጊልኝ።
በሰባ ስምንት ዓመቴ እጀ ረጅም ልባል፤
ከአየር ላይ ድምፅ ብሰርቅ የማን ንብረት ይጎድላል?»

ከመርካቶ ገመድ ገዛሁ። ሻጩ «ኦርጅናል ነው» ሲል ማለ፤
መሐላው ከገመዱ ይረዝማል፤ ይሁን፣ ምን ምርጫ አለ?
ኮምፒውተሩ ከባንክ ጨረታ የወጣ፣
ግንባሩ ላይ የንብረት ቁጥር እንደተለጠፈ የመጣ።
ሰካሁ። አበራሁ። ጠየቅሁ። ጸጥ።
ሬዲዮው እንደ መዝገብ ቤት ሹም አይቶኝ ዝም፤ ሳይነቃነቅ፣ ሳይገላመጥ።

ማታ ገባኝ። አንዱ የሚናገረው በአራት ሺህ ስምንት መቶ፣
ሌላው ጆሮውን የከፈተው ለዘጠኝ ሺህ ስድስት መቶ፤
ሁለቱም ጤነኛ፣ አንዳቸውም አልዋሹ፣
በፍጥነት ተላልፈው እንጂ መች ቃል አበላሹ።
(እንዲህ ያለ ትዳር አውቃለሁ፤ የራሴን።)
ፈጣኑን አዘገየሁት። ሽማግሌው ሬዲዮ ወዲያው መለሰ፣
ሲጠብቅ እንደኖረ ሁሉ፣ የቆመበትን ቁጥር ሳያዛንፍ ማያው ላይ አደረሰ።

ጎሮ ላይ አንድ ሰው ጣቱን ማውሱ ላይ ያሳርፋል፤
ቸርችል ላይ፣ ማንም በሌለበት ክፍል፣ ቁጥሩ ይሮጣል፣ ያልፋል።
ምስክሯ እኔ ብቻ ነበርኩ። ደስ ይላል አልልም፤
ቁልፍ ያለ እጅ፣ ወንበር ያለ ሰው ሲታዘዝ ማየት ቀላል አይደለም።

ሐሙስ ሌሊት መብራት ሄዶ መጣ።
ኮምፒውተሩ ሲነሳ፣ ገና ዓይኑን ሳይገልጥ፣ በአንዷ ቀጭን ሽቦ ትእዛዝ ወጣ፦
«ተናገር!»
አፉን ከፈተ ሬዲዮው፤ ማን ይናገር? ምን ነገር?
ቀዩ መብራት በርቶ፣ ማራገቢያው እያጓራ እስኪነጋጋ
ማይክሮፎኑ የክፍሉን ባዶነት ለዓለም በተነ፣ ያለ ዋጋ።

ጠዋት ከሞምባሳ መልእክት ደረሰው፣ በዓይን ካልተያየው ወዳጁ፤
«ማታ ሰማሁህ። አንተን ሳይሆን፣ ውሃ ሲንጠባጠብ፣ እርግቦች ሲያጉተመትሙ በደጁ፤
ሊነጋ ሲል አንድ ልጅ ከታች ‹ፒያሳ! ፒያሳ!› ይላል።
ባዩልኝ፣ ደህና ነህ? ወዴት ሄድክ? ወንበርህ ባዶ ይመስላል።»

ደወለልኝ። ድምፁ እንደ ራቀ ጣቢያ ይሰምጥ፣ ይነሳ ነበር፤
«ሠላሳ ዓመት አወራሁት፣ ስለ አንቴና፣ ስለ ዋት፣ ስለ አየር።
ስናገር ኖሬ ‹ጥርት ብለህ ትሰማለህ› ነበር መልሱ፤
ክፍሌ ብቻዋን ስታወራ ነው ደህንነቴን መጠየቅ ትዝ ያለው እሱ።»

ዓርብ ወጣሁ፣ መቶ አሥራ አራቱን። ቅንብሩን አረምኩ፣
ካላዘዘው በቀር አፉን እንዳይከፍት ቆለፍኩ።
ሕግ አለው፣ ቅጣት አለው፤ ሰው የሌለበት ቤት አየር አይዝም።
ልወጣ ስል ስልኬ ጮኸ። «ጨረስሽ?» «አዎ።» «ጥሩ።» ከዚያ ረጅም ዝም።
እርግቦቹ ታንከሩ ላይ ናቸው። ውሃው ጠብ፣ ጠብ።
ከስር ሚኒባስ ጥሩምባ ነፋ፣ አንዱ ሂሳብ አለ፣ አንዱ ጠጋ በል፣ ሰብሰብ።
«ትርሲት፣» አለ፣ «ስልኩን አትዝጊው፤
እዚያ ወንበሩ ላይ አስቀምጪው።»